የኮምፒውተር ወንጀል፦ ምንድን ነው? እንዴት ይመረመራል? እንዴትስ ይዳኛል?

የኮምፒውተር ወንጀል ሲባል ብዙዎቻችን ትዝ የሚለን በፊልም ያየነው ነው፤ ጨለማ ክፍል ውስጥ ቁጭ ብሎ ኪቦርድ እየቀጠቀጠ በደቂቃ ውስጥ ባንክ የሚዘርፍ ወጣት። ነገሩ ግን ከዚያ ይልቅ ወደ እኛ የቀረበ ነው። ካኩማ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ2015 ከምግብ እርዳታው ከፊሉ «ባምባ ቻኩላ» በሚል ስም በስልክ መላክ ከጀመረ ወዲህ፣ የአንድ ቤተሰብ ጉርሻ በአራት አኃዝ ሚስጥር ቁጥር የሚጠበቅ ነገር ሆኗል። ተማሪዎቻችን ለስኮላርሺፕ የሚያመለክቱት በኢሜይል ነው። ወደ ሦስተኛ አገር የመስፈርን ጉዳይ ተስፋ አድርገው የሚጠብቁ ሰዎችን የሚያታልሉትም በኢሜይልና በስልክ ነው። በዚህ ላይ በኮምፒውተር ክፍላችን አንድ ይለፍ ቃል ለሃያ ሰው የሚሰጥበት ጊዜ አለ። ታዲያ አንድ ቀን አንድ ጥፋት ቢደርስ ተጠያቂው ማን ነው? ማስረጃውስ ከየት ይገኛል? በዚህ እትማችን ጉዳዩን በሦስት ከፍለን እንመለከተዋለን፤ መጀመሪያ ወንጀሉን መረዳት፣ ቀጥሎ መመርመር፣ በመጨረሻም ለፍርድ ማቅረብ።

ወንጀሉን መረዳት

የሕግ ባለሙያዎች ኮምፒውተርን ከወንጀል ጋር የሚያገናኙት በሦስት መንገድ ነው። አንደኛው፣ ኮምፒውተሩ ራሱ የጥቃቱ ዒላማ ሲሆን ነው። የሰው ኢሜይል ሰብሮ መግባት፣ ቫይረስ መልቀቅ፣ የትምህርት ቤት የውጤት መዝገብ ውስጥ ገብቶ ቁጥር መለወጥ ከዚህ ይመደባሉ። ሁለተኛው፣ ኮምፒውተሩ ወይም ስልኩ መሣሪያ ሲሆን ነው። ማታለል፣ ማስፈራራት፣ ሐሰተኛ ሰነድ መሥራት ድሮም የነበሩ ወንጀሎች ናቸው፤ አሁን በአዲስ መሣሪያ ይሠራሉ። ሦስተኛው፣ ኮምፒውተሩ የማስረጃ ማኅደር ሲሆን ነው። ለምሳሌ በዱላ የተፈጸመ ጥል ኮምፒውተር ውስጥ አልተሠራም፤ ነገር ግን «ነገ አሳይሃለሁ» የሚል መልእክት ስልክ ላይ ካለ፣ ስልኩ ምስክር ይሆናል።

በብዙ አገሮች ሕግ ውስጥ ደጋግመን የምናገኛቸው ሁለት ሐሳቦች አሉ፤ «ያለ ፈቃድ» እና «ሆን ብሎ»። እነዚህን ሁለቱን ከያዝን ግማሹን መንገድ ሄድን ማለት ነው። ጎረቤታችን የቤቱን በር ሳይቆልፍ ገበያ ቢሄድ፣ በሩ ክፍት ስለሆነ ብቻ ገብተን ሻንጣውን መፈተሽ አይፈቀድልንም። ኮምፒውተርም እንዲሁ ነው። ጓደኛ ኢሜይሉን ሳይዘጋ ከወንበሩ ቢነሣ፣ ክፍት መሆኑ ፈቃድ አይደለም። በሌላ በኩል ደግሞ አንድ ተማሪ ሳያውቅ ቫይረስ ያለበትን ፍላሽ ቢሰካ ጉዳት ደርሷል፤ ሆን ብሎ ግን አላደረገውም። ሕግ ሁለቱን ለይቶ ያያል።

ሕግ ካልነበረስ? የፊሊፒንሱ ታሪክ

እ.ኤ.አ. ግንቦት 4 ቀን 2000 ከማኒላ ከተማ አንድ ኢሜይል መሰራጨት ጀመረ። ርዕሱ በእንግሊዝኛ «እወድሃለሁ» የሚል ሲሆን፣ ከሥሩ የፍቅር ደብዳቤ የሚመስል ፋይል ተያይዟል። የፍቅር ደብዳቤ ደርሶት የማይከፍት ማን አለ? ፋይሉ ግን ደብዳቤ ሳይሆን ፕሮግራም ነበር። ሲከፈት በኮምፒውተሩ ውስጥ ያሉ ፎቶዎችንና ሌሎች ፋይሎችን ያጠፋል፤ ከዚያም ባለቤቱ አድራሻቸውን ለያዘላቸው ሰዎች ሁሉ ራሱን ይልካል። የይለፍ ቃል የሚሰርቅ ሌላ ፕሮግራምም ከኢንተርኔት ለማውረድ ይሞክራል። በጥቂት ቀናት ውስጥ በሚሊዮኖች የሚቆጠሩ ኮምፒውተሮችን አዳረሰ። የእንግሊዝ ፓርላማ ሳይቀር የኢሜይል አገልግሎቱን ለመዝጋት ተገደደ።

መርማሪዎቹ ዱካውን ተከትለው ማኒላ ደረሱ። የተጠረጠረው ኦኔል ደ ጉዝማን የሚባል የኮምፒውተር ኮሌጅ ተማሪ ነበር። ይህ ተማሪ ቀደም ሲል የኢንተርኔት ይለፍ ቃል የሚሰርቅ ፕሮግራም ለመመረቂያ ጽሑፍ ሐሳብ አድርጎ አቅርቦ፣ ኮሌጁ ውድቅ አድርጎበት ነበር። ተጠርጣሪም ማስረጃም ተገኘ፤ የጠፋው ሕግ ነው! በወቅቱ ፊሊፒንስ ቫይረስ መልቀቅን ወንጀል የሚያደርግ ሕግ አልነበራትም። ዐቃቤ ሕግ ስለ ክሬዲት ካርድና መሰል ነገሮች የወጣ ሕግ ጠቅሶ ለመክሰስ ሞከረ፤ አልገጠመም። በነሐሴ 2000 ክሱ ተቋረጠ።

የፊሊፒንስ መንግሥት በሰኔ 2000 የኤሌክትሮኒክ ንግድ ሕግ አውጥቶ እንዲህ ያለውን ድርጊት ወንጀል አድርጎታል። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ እንዲሉ፣ ሕጉ የወጣው ድርጊቱ ከተፈጸመ በኋላ ስለሆነ ወደኋላ ተመልሶ ሊሠራ አልቻለም። ይህ ድክመት ሊመስለን ይችላል። ነገር ግን «በተፈጸመበት ጊዜ ወንጀል ባልነበረ ድርጊት ማንም አይቀጣም» የሚለው መርሕ ሁላችንንም የሚጠብቅ ነው። እሱ ባይኖር፣ ባለሥልጣን ዛሬ ሕግ አውጥቶ ትናንት ለሠራነው ሊያስረን ይችል ነበር።

ደ ጉዝማን ከሃያ ዓመት በኋላ ለአንድ እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ፕሮግራሙን የጻፈው እሱ መሆኑን አምኗል። ምክንያቱን ሲናገር፣ ለኢንተርኔት የሚከፍለው ገንዘብ ስላልነበረው የሰው ይለፍ ቃል ለማግኘት ብሎ እንደጀመረው ገልጿል። ይሄ ለእኛ ተማሪዎች እንግዳ ስሜት አይደለም። ችሎታ ኖሮ ገንዘብ ማጣት ያበሳጫል። የእሱ ታሪክ የሚያሳየን ግን ትንሽ የመሰለ ስርቆት፣ አንዴ ከእጅ ከወጣ ማንም የማይመልሰው ጥፋት ሊሆን እንደሚችል ነው።

ምርመራ፦ ከ75 ሳንቲም የተነሣው አደን

የኮምፒውተር ወንጀል ምርመራ ሲነሣ የማይረሳ አንድ ታሪክ አለ። እ.ኤ.አ. በ1986 ክሊፎርድ ስቶል የሚባል የከዋክብት ተመራማሪ በአሜሪካ ካሊፎርኒያ፣ በሎውረንስ በርክሊ ላቦራቶሪ ኮምፒውተር ክፍል ሥራ ጀመረ። በዚያ ዘመን ተጠቃሚዎች በኮምፒውተሩ ለሠሩበት ሰዓት ሂሳብ ይከፍሉ ነበር። በሂሳቡ ላይ የ75 ሳንቲም ጉድለት ተገኘ። አለቃው ምክንያቱን እንዲያጣራ አዘዙት። ሌላ ሰው ቢሆን ከኪሱ ከፍሎ ይገላገለው ነበር። ስቶል ግን ቆፍሮ ቆፍሮ፣ አንድ የማይታወቅ ሰው ያለ ፈቃድ ገብቶ ኮምፒውተሩን እንደተጠቀመበት ደረሰበት።

ቀጥሎ ያደረገው ነው ዋናው ትምህርት። በሩን ወዲያው ዘግቶ ሰውየውን አላባረረውም። ወደ ላቦራቶሪው በሚገቡት የስልክ መስመሮች ላይ ማተሚያዎች አገናኝቶ፣ ሰርጎ ገቡ የሚጽፈውን እያንዳንዱን ፊደል በወረቀት አስቀረ። ያየውን ሁሉ ከነቀኑና ከነሰዓቱ በደብተር መዘገበ። ሰርጎ ገቡ ወታደራዊ ምስጢር ይፈልግ ነበር። ሆኖም መስመር ላይ ብዙ ስለማይቆይ የስልኩን ምንጭ ማግኘት አስቸገረ። ስለዚህ ስቶል ምስጢር የሚመስሉ የውሸት ሰነዶች ፈጥሮ አስቀመጠለት። ሰውየው እነሱን ሲያነብና ሲገለብጥ ረጅም ጊዜ ቆየ፤ የስልክ ሠራተኞቹም መስመሩን ተከትለው ጀርመን ሐኖቨር ከተማ ደረሱ። ተጠርጣሪው ማርኩስ ሄስ ከጓደኞቹ ጋር ያገኘውን መረጃ ለሶቪየት የስለላ ድርጅት ሲሸጥ እንደነበር ታወቀ። በ1990 በጀርመን ፍርድ ቤት ጥፋተኛ ተብለው የገደብ ቅጣት ተፈረደባቸው።

ዛሬ መሣሪያው ተለውጧል፤ መሠረቱ ግን ያው ነው። መርማሪዎች የሚከተሏቸው ዋና ዋና ደንቦች እነዚህ ናቸው፦

1. ማስረጃውን አትለውጥ። ኮምፒውተር ማብራት ወይም ፋይል መክፈት ብቻውን በውስጡ የተመዘገቡ ሰዓቶችን ሊለውጥ ይችላል። ስለዚህ መርማሪ በዋናው ዲስክ ላይ አይሠራም። መረጃ እንዳይጻፍበት በሚከለክል መሣሪያ አያይዞ ሙሉ ቅጂ ይወስዳል፤ የሚመረምረውም ቅጂውን ነው።

2. ቅጂው ከዋናው ጋር አንድ መሆኑን አረጋግጥ። ለዚህ «ሃሽ» የሚባል ስሌት አለ። እንደ ጣት አሻራ ልንቆጥረው እንችላለን። አንድ ትልቅ ፋይል በስሌቱ ውስጥ ሲያልፍ አጭር መለያ ይወጣል። ከፋይሉ አንዲት ነጠላ ሰረዝ ብትለወጥ መለያው ፈጽሞ ሌላ ይሆናል። የዋናውና የቅጂው መለያ ከተመሳሰለ፣ ማንም «ቅጂውን ለውጠውታል» ብሎ በቀላሉ ሊከራከር አይችልም።

3. ርክክቡን መዝግብ። ዲስኩን ማን ያዘው? መቼ? ለማን አስረከበ? የት ተቀመጠ? በመካከሉ አንድ ቀን ማን ዘንድ እንደነበረ ካልታወቀ፣ የተከሳሽ ጠበቃ ጥያቄ ያነሣል፤ ማንሣትም መብቱ ነው።

4. አድራሻውንና ሰውየውን አታምታታ። ኢንተርኔት ላይ ያለ መሣሪያ የሚታወቅበት «አይ ፒ» የሚባል ቁጥር አለ። የኢንተርኔት ድርጅቱ ቁጥሩ በዚያ ሰዓት ለየትኛው ደንበኛ እንደተሰጠ መዝገብ ሊኖረው ይችላል። ነገር ግን ቁጥሩ የቤት ቁጥር እንጂ የሰው ፊት አይደለም። ከአንድ የኮምፒውተር ክፍል ሠላሳ ተማሪ በአንድ አድራሻ ሊወጣ ይችላል።

አራተኛውን ነጥብ በምሳሌ እንየው። እንበል፣ ከኮምፒውተር ክፍላችን ለአንዲት ተማሪ የማስፈራሪያ ኢሜይል ተላከ። መዝገቡ የሚያሳየው «ተማሪ» በሚል የጋራ ስም፣ በ5ኛው ኮምፒውተር፣ ከቀኑ 9፡20 መላኩን ነው። የጋራ ስም ስለሆነ ማን እንደሆነ አይታወቅም። አስተማሪው የመቀመጫ ዝርዝር ካልያዘ ደግሞ ጥርጣሬው እዚያ በነበሩት ሁሉ ላይ ይወድቃል። የኮምፒውተሩ ሰዓት በአንድ ሰዓት ወደኋላ የቀረ ከሆነ ደግሞ ይባስ ብሎ ጭራሽ ያልነበረው ቡድን ይጠረጠራል። ለዚህ ነው የራስ መግቢያ ስም፣ የመቀመጫ ዝርዝርና ትክክለኛ ሰዓት ጥፋተኛውን ከማጋለጥ አልፈው ንጹሑን የሚያድኑት።

ለፍርድ ማቅረብ

እ.ኤ.አ. ኅዳር 2 ቀን 1988 ሮበርት ሞሪስ የሚባል የኮርኔል ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ራሱን እያባዛ ከኮምፒውተር ወደ ኮምፒውተር የሚሄድ ፕሮግራም ለቀቀ። ፕሮግራሙ ከታሰበው በላይ እየተባዛ ብዙ ኮምፒውተሮችን አንቆ ያዘ። በወቅቱ ከኢንተርኔት ጋር ከተያያዙት ወደ 60,000 ኮምፒውተሮች 6,000 ያህሉ እንደተጠቁ ተገምቷል። ሞሪስ በ1986 በወጣው የአሜሪካ የኮምፒውተር ማጭበርበር ሕግ ተከሰሰ። በ1990 ጥፋተኛ ተብሎ የ3 ዓመት የአመክሮ ክትትል፣ የ400 ሰዓት የማኅበረሰብ አገልግሎትና የ10,050 ዶላር መቀጮ ተወሰነበት።

ይግባኝ ሲል ያቀረበው ክርክር «ጉዳት የማድረስ ሐሳብ አልነበረኝም» የሚል ነበር። የይግባኙ ፍርድ ቤት በ1991 የሰጠው መልስ በአጭሩ እንዲህ ነው፦ ዐቃቤ ሕግ ማስረዳት ያለበት ያለ ፈቃድ መግባቱ ሆን ተብሎ መደረጉን ነው፤ ጉዳቱ መታሰቡን ለብቻ ማስረዳት አይጠበቅበትም። «ለሙከራ ነው»፣ «ለቀልድ ነው» የምንል ሁሉ ይህን ብናስታውስ ጥሩ ነው። ሞሪስ በኋላ የታወቀ የኮምፒውተር ሳይንስ ፕሮፌሰር ሆኗል፤ ቅጣት የሰው ሕይወት መጨረሻ እንዳልሆነም ያሳያል።

ፍርድ ቤት ውስጥ ዐቃቤ ሕግ በተራ በተራ የሚመልሳቸው ጥያቄዎች አሉ። ድርጊቱ በሕግ ወንጀል ነው ወይ? ተፈጽሟል ወይ? የፈጸመው ይህ ተከሳሽ ነው ወይ? ሆን ብሎ ነው ወይ? አንዱ ካልተመለሰ ተከሳሹ ነፃ ይወጣል። የፊሊፒንሱ ጉዳይ የወደቀው በመጀመሪያው ጥያቄ ላይ ነው። የጋራ ይለፍ ቃሉ ምሳሌያችን የሚወድቀው በሦስተኛው ላይ ነው።

ሌላው ችግር ድንበር ነው። አጥፊው አንድ አገር፣ ተጎጂው ሌላ አገር፣ መረጃው ያለበት ሰርቨር ሦስተኛ አገር ሊሆን ይችላል። የአንዱ አገር ፖሊስ የሌላውን አገር በር ማንኳኳት አይችልም። ለዚህ ሲባል ነው አገሮች የሚዋዋሉት። እ.ኤ.አ. በ2001 ቡዳፔስት ላይ ለፊርማ የቀረበው ስምምነት የመጀመሪያው ትልቅ ውል ነው። የአፍሪካ ኅብረት በ2014 ማላቦ ላይ ያጸደቀው ስምምነት በ2023 ሥራ ላይ ውሏል። የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤም በታኅሣሥ 2024 የራሱን ስምምነት አጽድቋል።

በአካባቢያችን ያለው ሕግ

ኬንያ ውስጥ የምንኖር ስደተኞች በኬንያ ሕግ እንዳኛለን። ኬንያ የኮምፒውተር አላግባብ አጠቃቀምና የሳይበር ወንጀሎች ሕግ ያወጣችው በ2018 ነው። ሕጉ ሲወጣ፣ ጥበቃን ጥሶ ያለ ፈቃድ ለመግባት እስከ 5 ሚሊዮን ሽልንግ መቀጮ ወይም እስከ 3 ዓመት እሥራት፣ ወይም ሁለቱንም ደንግጓል። ፖሊስ በኮምፒውተር ውስጥ የተቀመጠ መረጃ ለመበርበር ለፍርድ ቤት እንዲያመለክትም ይጠይቃል። ጦማሪዎች አንዳንድ አንቀጾች ሐሳብን የመግለጽ ነፃነት ይነካሉ ብለው ከሰው፣ በግንቦት 2018 26 አንቀጾች ታግደው ነበር፤ ከፍተኛው ፍርድ ቤት በየካቲት 2020 ሕጉን አጽንቶታል። ክርክሩ ከዚያም በኋላ ቀጥሏል።

በኢትዮጵያ በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ ከአንቀጽ 706 እስከ 711 ስለ ኮምፒውተር ወንጀል ደንግጎ ነበር። ቆየት ብሎ በ2008 ዓ.ም. የኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ወጣ። በዚህም አዋጅ ላይ የሰብዓዊ መብት ተሟጋቾች ተመሳሳይ ትችት አቅርበዋል። ሌባን ለመያዝ የወጣ ሕግ ተናጋሪን ለመያዝ እንዳይውል መጠንቀቅ በየትም አገር ያለ ጥያቄ ነው።

ስለ ተከሳሽ መብትም ማወቅ ይገባናል። የ2010 የኬንያ ሕገ መንግሥት እንደሚለው የታሰረ ሰው የታሰረበት ምክንያት በሚገባው ቋንቋ ወዲያው ሊነገረው ይገባል። ዝም የማለትና ጠበቃ የማነጋገር መብት አለው። ችሎቱ የሚካሄድበትን ቋንቋ ካላወቀ ያለ ክፍያ አስተርጓሚ ይመደብለታል። ስዋሂሊም እንግሊዝኛም የማይችል ወንድም ያልገባው ወረቀት ላይ ከመፈረም በፊት ይህን ቢያውቅ ትልቅ ነገር ነው።

እኛስ ምን እናድርግ?

ሚስጥር ቁጥርና ይለፍ ቃል ለማንም አንስጥ፤ «ከቢሮ ነው የምደውለው» ለሚለውም ቢሆን። የዩኤንኤችሲአር አገልግሎት ሁሉ፣ ሦስተኛ አገር ማስፈርንም ጨምሮ፣ በነፃ ነው። «ጉዳይህ እንዲፈጥን ይህን ያህል ላክ» የሚል መልእክት ከየትም ይምጣ ማታለያ ነው። «በስህተት ገንዘብ ልኬብሃለሁ፣ መልስልኝ» የሚል ሰው ሲደውል የመጣውን መልእክት አንመን፤ መጀመሪያ የራሳችንን ሂሳብ እንይ።

ጥፋት ከደረሰ ደግሞ በንዴት መልእክቱን አናጥፋ። የላኪውን ቁጥር ወይም አድራሻ፣ ቀኑንና ሰዓቱን በወረቀት እንጻፍ፤ ስልኩን ሳንነካካ እናስቀምጥ። ገንዘብ ከሄደ ለስልክ ድርጅቱ በዚያው ሰዓት እናሳውቅ። ፖሊስ ጣቢያ ስናመለክት ቃላችን በቀን መዝገብ ላይ መጻፉን አይተን የመዝገቡን ቁጥር እንቀበል፤ ያለ እሱ ጉዳዩን መከታተል ይከብዳል። ማስፈራራት የደረሰባት ተማሪ ከሆነች ፖሊስ ጋ ብቻዋን አትሂድ፤ የምታምናት መምህርት ወይም የጥበቃ ክፍል ሠራተኛ አብራት ትሁን። የተላከባትን ምስል «እስቲ እንየው» እያልን ለሌላ ማስተላለፍ ጉዳቱን በእኛ እጅ መድገም ነው።

መምህራን ደግሞ ለእያንዳንዱ ተማሪ የራሱን መግቢያ ስም ብትሰጡ፣ ካልተቻለም ማን በየትኛው ኮምፒውተር ከስንት እስከ ስንት ሰዓት እንደተቀመጠ በደብተር ብታስመዘግቡ፣ የስቶልን ሥራ በአንድ እስክሪብቶ ሠራችሁ ማለት ነው።

ለክፍል ውይይት

1. አንድ ተማሪ የመምህሩን ይለፍ ቃል ገምቶ ገባ፤ ምንም ሳይነካ ወጣ። ጥፋት ሠርቷል ትላላችሁ? ሁለቱን ሐሳቦች፣ «ያለ ፈቃድ» እና «ሆን ብሎ»ን ተጠቅማችሁ መልሱ።

2. ስቶል ሰርጎ ገቡን እንዳየ ወዲያው በሩን ዘግቶበት ቢሆን ምን ይገኝ፣ ምንስ ይታጣ ነበር?

3. በ5ኛው ኮምፒውተር ምሳሌ ውስጥ መርማሪ ብትሆኑ፣ ማንንም ከመክሰሳችሁ በፊት የትኞቹን ሦስት ነገሮች ታጣራላችሁ?

4. አንድ አጭር ጽሑፍ በወረቀት ጻፉ። እያንዳንዱን ፊደል በቁጥር ተክታችሁ ደምሩና ድምሩን ለጓደኛችሁ በምስጢር ስጡት። ሌላ ተማሪ አንዲት ፊደል በሌላ ይተካ። ጓደኛችሁ እንደገና ሲደምር ለውጡን ያገኘዋል? የሁለት ፊደሎች ቦታ ብቻ ቢቀያየርስ? እውነተኛው «ሃሽ» ከመደመር የተሻለ ስሌት የሚያስፈልገው ለምን እንደሆነ ከዚህ ተነሥታችሁ አስረዱ።

መልካም ውይይት!